እስከ ቡሄ ዋስ ያገኘችው ብርቱካን

ችግኝ ልትገዙ ቆቦ እኔ ዘንድ የመጣችሁ ሁሉ የመጀመሪያ ጥያቄያችሁ አንድ ነው፤ «ሰዓዳ፣ መቼ ነው የሚያብበው?» ኧረ በአላህ፣ ገና ጉድጓዱን አልቆፈራችሁም እኮ! የኔም መልስ አንድ ነው። ብርቱካን ከፍሬው ዘር የበቀለ ከሆነ ከሰባት እስከ አሥር ዓመት ጠብቁ፤ ከሚያፈራ ዛፍ ቅርንጫፍ የተዳቀለ ከሆነ በሦስት በአራት ዓመቱ ያሳያችኋል። ይኼን ስል ፊቱን የማያጨማድድ የለም። «አሥር ዓመት! ማን ሊኖር?» ይለኛል አንዳንዱ፣ ያውም ጢሙ ገና ያላቆጠቆጠ ጎረምሳ። እኔን ግን አሥር ዓመት አያስፈራኝም። አንዲትን ብርቱካን አሥራ ሦስት ቀን ጠብቄያታለሁ፤ ከዚያ ወዲህ ያለው መጠበቅ ሁሉ ለኔ ቀላል ነው። የሆነውን ልንገራችሁ።

ያኔ ሃያ አራት ዓመቴ ነበር። የዋጃ ልጅ ነኝ፤ የተዳርኩት ግን ከሮቢት ወረድ ብሎ ጎሊና ወንዝ ዳር ካለች አንዲት ትንሽ መንደር፣ ለሁሴን ነው። ስዳር አባቴ ጓሮው ውስጥ ከፍሬ ያበቀላትን የብርቱካን ችግኝ በተሰበረ ማሰሮ አድርጎ ሰጠኝ። ሌላዋ ሙሽራ አምባርና ነጠላ ይዛ ትመጣለች፤ እኔ ዛፍ ታቅፌ ከበቅሎ ወረድኩ። የሁሴን መንደር ሴቶች የሳቁብኝን ሳቅ እስከ ዛሬ አልረሳሁትም። አባቴ «ሰባት ዓመት ታገሻት» ብሎኝ ነበርና ታገስኳት። ድርቁ ሲመጣ ስምንት ዓመት ሞልቷት ዘጠነኛውን ይዛ ነበር። ቁመቷ ከጎጆአችን ጣሪያ በልጧል፣ ግንዷ እንደ ሰው ጭን ወፍሯል፣ አበባ ግን የሚባል ነገር አልነበራትም።

ጥፋቱ የኔ ነበር። ዛሬ ስለማውቅ ነው ይኼን በድፍረት የምናገረው። እህል ያጠብኩበትን፣ እጃችንን የታጠብንበትን፣ ውዱእ ያደረግንበትን ውሃ ሳይቀር ዕለት ዕለት ከሥሯ አፈስላት ነበር፤ እንደ ሞልቃቃ ልጅ አሳደግኳት። ብርቱካን ሁልጊዜ ከጠጣ ቅጠል ያወጣል እንጂ ማበቡ ትዝ አይለውም። ተጠምቶ ተጠምቶ፣ ደንግጦ፣ ከዚያ ጠግቦ ሲጠጣ ነው የሚያብበው። ያን ጊዜ ግን ይኼን የሚያውቅ ሰው በመንደራችን አልነበረም። «የሰዓዳ መካን» ነበር የሚሏት።

በስልሳ አምስት ዓመተ ምሕረት በልጉ ቀረ። የተዘራው ማሽላ ከጉልበት ሳያልፍ በቁሙ ደረቀ፣ ሁለቱም በሬዎቻችን አለቁ፣ መንደሩም ቤት በቤት እየተነቀለ ወደ መኪናው መንገድ ወረደ። «መጠለያ አለ፣ ዱቄት ይሰጣል» ይባላል። የሁሴን ታናሽ ወንድም ከነሚስቱ ሄደ። ከወር በኋላ አንድ መንገደኛ መጥቶ፣ መጠለያው ውስጥ በሽታ ገብቶ ሁለቱንም በአንድ ሳምንት እንደወሰዳቸው ነገረን። እንግዲህ እዚህ ብንቀር ረሃብ፣ ብንሄድ በሽታ። እኛ ደግሞ ጦይባ የምትባል የአምስት ዓመት ልጅ ነበረችን።

ሐምሌ ሊያልቅ አንድ ጠዋት ሁሴን መጥረቢያውን በድንጋይ ሲስል ሰማሁት።

«ምን ልታደርግ ነው?» አልኩት።

«ታውቂዋለሽ።»

«አላውቅም፤ ንገረኝ።»

«ዛፏን ቆርጬ ክሰል አወጣለሁ። ሮቢት ወስጄ በበቆሎ እለውጠዋለሁ። በቆሎው እስከ ደሴ ያደርሰናል።»

«ወንድምህ ሲሄድ ስንቅ አልያዘም ነበር?»

ፊቱ ጠቆረ። «ወንድሜን አታንሺብኝ። እዚህ ቁጭ ብለን እሷን እያየን እንሙት? ስምንት ዓመት ሙሉ ውሃ ስታጠጫት አንዲት አበባ አሳየችሽ?»

እውነቱን ነው፤ አላሳየችኝም። ግን ነገሩ ለኔ ግልጽ ነበር። ዛፏ ከወደቀች ስንቅ ሆነ፣ ስንቅ ከሆነ መንገድ ሆነ፣ መንገድ ከሆነ ደግሞ መጠለያው ነው፤ ደሴ ድረስ በእግሩ የሚያልፍ ማን አለ? ጦይባ ያን በሽታ አትችለውም። ዛፏ እስከቆመች ድረስ እኛም ከቤታችን ነን።

ሁሴን ሄዶ ከሥሯ ቆመ። «ቢስሚላህ» ብሎ መጥረቢያውን አነሳና አንድ ጊዜ መታት። ልጧ ተልጦ ነጭ እንጨቷ ታየ። እኔ ጩኸቴን ለቀቅኩት። ሁለተኛውን ሊደግም ሲያነሳ ከአጥሩ በኩል አንድ የሻከረ ድምፅ መጣ።

«ቁም! ዋስ አላት!»

አያ ደስታው ነበሩ። ጎረቤታችን ናቸው፤ ክርስቲያን፣ ዕድሜያቸው ወደ ሰባ የተጠጋ፣ ሚስታቸው የሞተችባቸው። ሁለት ወንዶች ልጆቻቸው ሥራ ፍለጋ አሰብ ወርደው ወሬያቸው ጠፍቷል። በወጣትነታቸው የአንድ ባላባት አትክልት ቦታ ውስጥ ሠርተዋል ስለሚባል፣ በዛፍ ነገር ቃላቸውን የሚጥል ሰው አልነበረም።

እንግዲህ ልማዱን ላስረዳችሁ። በኛ መንደር አላፈራ ያለ ዛፍ ይዛትበታል። አንዱ መጥረቢያ ይዞ ይመጣና «ዘንድሮስ እቆርጥሃለሁ!» እያለ በመጥረቢያው ጀርባ ግንዱን ይመታል። ሌላው እጁን ይይዝና «ተወው፣ ለከርሞ ያፈራል፣ ዋስ ነኝ» ይላል። ዋስ የተባለበትን ዛፍ ደግሞ ቀኑ ሳይደርስ መቁረጥ ነውር ነው። የበዓል ጨዋታ ነው፤ ልጆች ይስቁበታል። ሁሴን ግን የመታት በስለቱ ነው፣ ሳቅም አልያዘም። ሽማግሌው የጨዋታውን ቃል አምጥተው የእውነት መጥረቢያ ፊት ገተሩት።

«ዞር ይበሉ አያ ደስታው» አለ ሁሴን። «ጨዋታ ላይ አይደለሁም።»

«ማን ጨዋታ አለህ? ዋስ ነኝ አልኩ፣ ዋስ ነኝ። እስከ ቡሄ ታብባለች።»

«ካላበበችስ?»

«የቤቴን ምሰሶ ነቅለህ ክሰል አድርገው። የወይራ ነው፤ ከብርቱካን ክሰል ይሻልሃል።»

«አንቱስ የት ሊያድሩ?»

«የኔን ማደሪያ ለኔ ተወው። ነገ ፍልሰታ ይገባል፤ ባልበላ ጾመኛ እባላለሁ። ቤት ባጣ ደግሞ መናኝ ይሉኛል።»

ሁሴን ሳይወድ በግዱ ሳቀ። ከስንት ቀን በኋላ ጥርሱን ያየሁት ያን ጊዜ ነው። መጥረቢያውን ከትከሻው አወረደና፣ «እስከ ቡሄ» አለ። «ወላሂ ከዚያ ወዲያ አንድ ቀን አላሳድራትም።»

አሥራ ሦስት ቀን ማለት ነው። እኛ እስላሞቹ የክርስቲያን በዓል እየቆጠርን ተቀመጥን! ጧት ጧት ሁሴን የቁልቋል በለስ ሊለቅም ወደ ኮረብታው ይወጣል፤ እኔ ለመጠጥ የሚሆን ውሃ ፍለጋ እሄዳለሁ፤ ብርቱካኗ እንግዲህ ጠብታም አልደረሳት። ቅጠሏ ተጠቀለለ፣ ከዚያ መርገፍ ጀመረ። አያ ደስታው በየጠዋቱ ምርኩዛቸውን ይዘው ይመጡና የቅርንጫፏን ጫፍ በጣታቸው እየዳሰሱ፣ «ይዛለች፣ ይዛለች» ይላሉ።

«ምን ይዛለች? እኔ ምንም አይታየኝም» አልኳቸው አንድ ቀን።

«አንቺ ልጅ፣ ሆድ ውስጥ ያለ ነገር ይታያል እንዴ?» ብለው ተቆጡኝ።

እኔ አመንኳቸው። ምን አማራጭ ነበረኝ?

በአሥረኛው ቀን ጦይባ ከተኛችበት አልነሳ አለች። ስጠራት ዓይኗን ትገልጣለች፣ መልሳ ትከድናለች። በለሱን አፏ ላይ ሳደርግላት ምላሷ አልተንቀሳቀሰም። ያን ጊዜ ራሴን አላውቅም። ተስፋ ማድረጉ፣ ዋሱ፣ ቡሄው፣ ሁሉም ከላዬ ላይ ወረደ። መጠለያው ቢገድላት እንኳ ዱቄት ቀምሳ ትሙት አልኩ። መጥረቢያውን ካደረበት አንስቼ ሮጥኩ፤ እኔው ራሴ፣ ስምንት ዓመት ያሳደግኳትን ዛፍ ልቆርጥ።

ሁሴን ከኮረብታው ሲወርድ አየኝ። በለሱን በትኖ መጣና እጄን ያዘው።

«ልቀቀኝ!»

«ሦስት ቀን ቀረ፤ ለሰውየው ቃል ሰጥቻለሁ» አለኝ።

«ልጅህ እየሞተች ነው!»

«አውቃለሁ። ግን ቃል…»

«ቃልህን ብላው! ‹ቃል ከሚጠፋ የወለድኩት ይጥፋ› ያለው ሰውዬ ልጅ አልነበረውም!»

በጥፊ ይመታኛል ብዬ ነበር። አልመታኝም። መጥረቢያውን ቀስ ብሎ ከእጄ አውጥቶ ከአጥሩ ውጭ ወረወረው። ከዚያ አቀፈኝና ሁለታችንም እዚያው አፈር ላይ ተቀምጠን አለቀስን። ሁሴን ሲያለቅስ ያየሁት ያን ቀን ነው። «ነገ በጠዋት በጀርባዬ አዝያት እወጣለሁ» አለ። «ዛፉም ይቅር፣ ስንቁም ይቅር። ቃሌን ሳላፈርስ እንሄዳለን።»

ሌሊቱን ጥቂት ጨርቅ ቋጠርኩ። በማግስቱ ጧት ግን ጦይባ ትንሽ ውሃ ጠጣች፤ እሷ እስክትበረታ ብለን እስከ ቀትር ቆየን። የኛ ሰማይ ጥርት ያለ ነው፣ ፀሐይዋ ታቃጥላለች። ከወደ ምዕራብ ተራራው ላይ ግን ጠቁሯል። እኔ ልብም አላልኩት። ሁሴን ጦይባን ሊያዝላት ጎንበስ ባለበት ድንገት ቀና ብሎ ጆሮውን አቆመ።

«ስሚ» አለኝ።

ከሩቅ የወፍጮ ዓይነት ድምፅ ይሰማል። ከዚያ ከወንዙ በኩል የሰው ጩኸት መጣ፤ «ጎርፍ! ጎሊና መጣ!»

ቆላ ለማታውቁ ልንገራችሁ። እኛ ዘንድ ሳይዘንብ ይታረሳል። ደጋ የዘነበው ዝናብ በወንዙ ሲወርድ፣ በድንጋይና በግራር ቅርንጫፍ ገድበን በቦይ ወደ ማሳችን እንጠልፈዋለን። ጎርፉ ጥቂት ሰዓት ነው የሚቆየው፤ ካለፈ አለፈ። ስለዚህ ሕጉ ጥብቅ ነው፤ ጎርፉ ሲመጣ ከግድቡ ያልቆመ ተራ የለውም። በደህናው ዘመን ወንዱ ሁሉ ስለሚሰለፍ፣ ለኛ ማሳ ተራ ሳይደርሰው ውሃው ያልቅ ነበር።

አያ ደስታው እየተንገዳገዱ መጡ። «ልጅቷን ለኔ ተዉልኝ፤ ሂዱ!» አሉን። ሁሴን ዶማውን ይዞ በረረ። እኔም ተከተልኩት። ሴት ከግድብ አትቆምም፤ አንዱ ሰውዬ «አንቺ ወዴት?» ቢለኝ «ባሌ ድንጋዩን ብቻውን ይሸከም?» አልኩትና አልፌው ሄድኩ። ከግድቡ የቆምነው ሁላችን በጣት የምንቆጠር ነበርን። ውሃው ቡናማ፣ ወፍራም፣ ጉቶ እየገፋ ይወርዳል። ድንጋይ ስናቀብል ጉልበቴ ከየት እንደመጣ አላውቅም። ከሰዓት በኋላ፣ ፀሐይዋ ሳታዘቀዝቅ፣ የውሃ ተራ የሚሰጡት ሽማግሌ «የሁሴን!» ብለው ጮኹ።

ይኼን ሳልደብቅ ልናገር፤ ያ ተራ የኛ አልነበረም። የሄዱት ሰዎች ተራ ነው። መጠለያ የገቡት፣ መንገድ ላይ የቀሩት፣ የባሌም ወንድም ተራ። እነሱ ስላልነበሩ ደረሰን። ስለዚያ ውሃ አልሀምዱሊላህ ብያለሁ፤ እንደዚያም ቀን አልቅሼ አላውቅም።

ብርቱካኗ ከጎጆአችን አጠገብ፣ በማሳው ራስ ላይ ስለነበረች ውሃው መጀመሪያ የደረሰው እሷ ጋ ነው። እኔ ቦዩን ወደ ማሳው ላዞር ስል ሁሴን፣ «ተያት፣ ትጠጣ» አለኝ። እስከ ቁርጭምጭሚታችን ደለል ውስጥ ቆመን ስትጠጣ አየናት።

በማግስቱ ደግሞ ሌላ ጭንቅ። ማሳው ርሷል፣ ዘር ግን የለም፤ በልተነዋል። ሁሴን ራሱን ይዞ ከዳር ተቀመጠ። «አሁን ምን ልዝራበት? አፈር?» ይላል። አያ ደስታው ይኼን ሰምተው ወደ ቤታቸው ሄዱ፤ ሲመለሱ አንድ ትልቅ ቅል ታቅፈዋል። ክዳኑን ከፍተው አሳዩን። ቀይ ጤፍ ነው፣ በሁለት ወር የሚደርሰው ዓይነት።

ሁሴን ቅሉን አይቶ እሳቸውን አየ። ጉንጫቸው ከጥርሳቸው ተጣብቋል። «ይኼን ይዘው ነው ሲራቡ የከረሙት?»

«ዘር ይበላል እንዴ?» አሉት ተቆጥተው። ወደኔ ዞረው ደግሞ፣ «አንድ እፍኝ ውሰጂና ለልጅቷ አጥሚት አድርጊላት። የቀረውን አፈር ይብላው» አሉኝ። ያን ቀን ሁሴን ጭቃው ላይ ዘራ። ጦይባ ወደ ማታ ላይ ቁጭ አለች።

ቡሄ ደረሰ። ብርቱካኗ ላይ ከተላጠው ልጥ በቀር አዲስ ነገር የለም። ሁሴን ሊቀልድ ፈልጎ መጥረቢያውን ተሸክሞ ወደ አያ ደስታው ደጃፍ ሄደ፤ እኔም ጦይባን አዝዬ አብሬው ነበርኩ።

«አያ ደስታው፣ ምሰሶውን ላወርድ መጥቻለሁ!»

አልሳቁም። ከመደባቸው ላይ ሆነው አንገታቸውን ደፉ። «አውርደው፤ ይገባሃል። ዋሽቼሃለሁ።»

«ምኑን?»

«እኔ ስለ ብርቱካን ምን አውቃለሁ? የባላባቱ አትክልት ቦታ ዘበኛ ነበርኩ። ሌባ እጠብቅ ነበር እንጂ ዛፍ መቼ አይቼ! ደግሞም ዋስ የሆንኩት ለዛፏ አይደለም። ለራሴ ነው። ልጆቼ የሉም። ዘር ነበረኝ፣ የምዘራበት ጉልበት አልነበረኝም፤ እሱስ ይሁን። እናንተ ከሄዳችሁ ግን በዚህ መንደር ማን ይቀብረኛል? ጅብ እንዳይበላኝ ብዬ ነው ያስቀረኋችሁ። ልጅቷ ብትሞት ኃጢአቱ የኔ ነበር።»

እኔ ተናደድኩ፤ አልዋሽም። አሥራ ሦስት ቀን ልጄን በአንድ ሽማግሌ ፍርሃት ላይ አስይዤ ነበር ማለት ነው። አፌን ልከፍት ስል ሁሴን ቀደመኝ። መጥረቢያውን ከደጃፉ አስቀምጦ ገባና እግራቸው ሥር ተቀመጠ።

«እቀብርዎታለሁ» አላቸው። «ግን አይቸኩሉብኝ፤ መጀመሪያ ጤፉን ያጭዳሉ።»

ጳጉሜ ላይ አንድ ጠዋት ከቤት ስወጣ አንድ ሽታ ከደጅ ተቀበለኝ። ብርቱካን ሲያብብ ሸትቷችሁ ያውቃል? እኔ አላውቅም ነበር። ሽቶ የተቀባ ሰው ግቢያችን የገባ መስሎኝ ዞር ዞር አልኩ። ከዚያ ቀና ስል ቅርንጫፉ ሁሉ ነጭ ነው። «የጦይባ አባት!» ብዬ ጮህኩ፤ ሰው የሞተ መስሎት እየሮጠ ወጣ። አያ ደስታውን ደግፎ አመጣቸው። አዩ፣ አማተቡ፣ አንዷን አበባ በጣታቸው ነካ አደረጉና፣ «እኔ እኮ ውሸቴን ነበር!» ብለው እንደ ልጅ አለቀሱ።

ያ አበባ አንድ ፍሬ ሳይዝ ረገፈ። የመጀመሪያ አበባ ብዙ ጊዜ እንዲሁ ነው፤ አትደንግጡ። በሚቀጥለው ዓመት አራት ብርቱካን ሰጠችን፣ ከዚያ ወዲያ መቁጠር ተውኩ። ጤፉም ደረሰ። እስኪደርስ እንዴት ኖራችሁ ካላችሁ፣ ደለሉ ላይ የበቀለውን ቅጠል እየቀቀልን፣ ሁሴን ጎብዬ ከተማ እየወረደ ጭነት እየተሸከመ፣ እንዲሁ ኖርን። ጦይባ ዛሬ የልጅ ልጅ አይታለች፣ ማሻአላህ።

ያ ክረምት ከኔ የወሰደው ነገር ብዙ ነው፤ የሰጠኝ ደግሞ ሙያዬን ነው። ዛፏ ለምን እንዳበበች እስካውቅ አላረፍኩም። ያገኘሁትን የእርሻ ባለሙያ ሁሉ ጠየቅሁ፣ ማዳቀል ተማርኩ፣ ይኸው ዛሬ ከመኪናው መንገድ ዳር ችግኝ አፈላለሁ። እናንተም ከኔ ወስዳችሁ ስትተክሉ፣ እስኪጸድቅ አጠጡት፤ ካደገ በኋላ ግን በየቀኑ እያዘናችሁ አታፍስሱበት። ከአበባው ወቅት በፊት አስጠሙት፤ ቅጠሉ ጠቅለል ሲል አትንሰፍሰፉ፣ ከዚያ ጠግቦ እስኪጠጣ ስጡት። ሰውን ግን እንዲህ አታድርጉ። «መከራ ሰውን እንዲያብብ ያደርጋል» የሚል ሰው ሲመጣ እኔ አልሰማውም፤ ዛፍ ተጠምቶ ያብባል፣ ልጅ ተጠምታ ትሞታለች። እኛን ያተረፈን መከራው አይደለም። አንድ ብቻውን መሞት የፈራ ሽማግሌና ቃሉን የማይበላ ባል ናቸው።

አያ ደስታው ከዚያ በኋላ ብዙ ዓመት ኖሩ። ልጆቻቸው አልተመለሱም። ሲያርፉ ሁሴን ቃሬዛውን ከፊት ተሸክሞ ቤተ ክርስቲያን አደረሳቸው፣ መቃብሩንም ገብቶ ቆፈረ። ቄሱ ጸሎታቸውን ሊጀምሩ ሲሉ ዙሪያውን አይተው፣ «የሟች ልጅ ማን ነው?» ብለው ጠየቁ።

ሁሴን ከጉድጓዱ ውስጥ ሆኖ ጭቃውን ከእጁ ላይ ጠረገና፣ «እኔ ነኝ» አላቸው።